ዋና የማያውቀው መጅ

ተረት ተረት!

— የላም በረት!

ምነው ድምፃችሁ? እራት የበላ ሰው እንዲህ ነው የሚመልሰው? ኧረ ጠንከር በሉ! ተረት ተረት!

— የላም በረት!

እንዲያ ነው። በሉ ጠጋ ጠጋ በሉ። አንቺ ደግሞ ያንን ጥጥ አስቀምጪና ስሚ፤ ኋላ «ምን አለች?» ብለሽ እንዳትጠይቂኝ፣ አልደግምም።

በድሮ ዘመን በአንድ አገር ሁለት እህትማማቾች ነበሩ። ታላቂቱ ደብሪቱ፣ ታናሺቱ አትጠገብ ይባላሉ። ሁለቱም ባለ ትዳር ናቸውና ቤታቸው ለየብቻ ነው፤ ግን ፊት ለፊት ይተያያል። በመካከሉ አንድ ወንዝ ይወርዳል። አንዷ ስታስነጥስ ለሌላዋ ይሰማታል። «ይማርሽ» ግን አይባባሉም! ሰባት ዓመት ተኳርፈዋል።

በምን ተኳረፉ? በወፍጮ። በእናታቸው ወፍጮ።

እናታቸው እማማ ውዴ የሞቱ ጊዜ አትጠገብ፦ «እማ ወፍጮውን ለኔ ነው ያለችው» አለች። ደብሪቱም፦ «ውሸት! ለኔ ነው ያለችው» አለች። ከዚያም ሙቀጫውን ጨመሩበት። ከዚያም ሞሰቡን ጨመሩበት። የመንደሩ ሽማግሌ አያ ቢረሳው ሦስት ቀን ሙሉ ዳኙ፤ እነሱም ሦስት ቀን ሙሉ ጮሁባቸው። በመጨረሻ አያ ቢረሳው ትዕግሥታቸው አለቀና፦ «በሉ እንግዲያው ከእያንዳንዱ ዕቃ እኩል እኩል ተካፈሉ!» አሉ። ተናደው ነው እኮ ያሉት። እነዚያ ግን ከምራቸው ያዙት!

ወፍጮ ሁለት ድንጋይ ነው፤ ታውቁታላችሁ። ከታች ትልቁ አለ፣ ከላይ በእጅ የሚገፋው መጁ አለ። ትልቁን አትጠገብ ወሰደች፣ መጁን ደብሪቱ ወሰደች። ሙቀጫውን ደብሪቱ፣ ዘነዘናውን አትጠገብ። ሞሰቡን አትጠገብ፣ ክዳኑን ደብሪቱ። ጉድ በሉ! አሁን እስቲ ያለ ወፍጮው መጅ ምን ይፈጫል?

ደብሪቱም መጁን የበር መደገፊያ አደረገችው። መዝጊያዋ ተወላግዶ አልገጥም ይላል፤ ከኋላው መጁን ታስጠጋበትና ትዘጋዋለች። ሙቀጫው የዶሮ ውሃ መጠጫ ሆነ። እህሏን ሰው ቤት እየለመነች ትፈጫለች። አትጠገብም ከማዶ እንደዚያው። አይ እልህ!

በአገራችን ይቅርታ የሚጠይቅ ሰው ድንጋይ በትከሻው ተሸክሞ ነው የሚቀርበው። የተበደለው «አውርድ» እስኪለው ድረስ አያወርድም። ሽማግሌዎቹም እንቁጣጣሽ በደረሰ ቁጥር ደብሪቱን፦ «ታላቅ አይደለሽም ወይ? አንቺ ቅደሚ» እያሉ ይለምኗታል። እሷ ግን፦ «እኔ? ድንጋይ ተሸክሜ እሷ ፊት ልቆም? ሞቼ ነው!» ትላለች።

በሰባተኛው ዓመት ጳጉሜን ገባ። በሩፋኤል ዕለት ጠዋት ጎረቤቷ ይታጠቁ ቁና ቁና እየተነፈሰች መጣችና፦ «ደብሪቱ፣ አልሰማሽም? እህትሽ ልትሄድ ነው! ባሏ አለልኝ ጓዙን ሸክፎ ጨርሷል። ነገ ማለዳ ወደ አገሩ ወደ ቆላ ይወርዳሉ። እንቁጣጣሽን እንኳ አልጠብቅም፣ እዚህ ምን ዘመድ አለኝ ብላለች» አለቻት።

ደብሪቱም፦ «መንገዱን ጨርቅ ያድርግላት!» አለች።

አፏ ነው እንዲህ ያለው። ሆዷ ግን ባር ባር አላት። ጓዳ ገባችና በነጠላዋ ጫፍ ዓይኗን ጠረገች። የባልየው አገር የስምንት ቀን መንገድ ነው። አትጠገብ ከሄደች እስከ ሞት መለያየታቸው ነው፤ ደብሪቱ ይህን አሳምራ አውቃለች።

ወደ ቀትር ዝናብ መጣ። የሩፋኤል ዝናብ እንዴት እንደሚወደድ ለናንተ አልነግርም። ልጅ አዋቂው ወጥቶ ይታጠባል፣ ይባረካል። በዚያ አገር ደግሞ ዕቃም ያወጣሉ፤ አዲሱ ዓመት በታጠበ ዕቃ እንዲገባ ነው። ደብሪቱም እያለቀሰች መጁን፣ ሙቀጫውንና ክዳኑን አውጥታ ደጅ ደረደረች።

ያን ዕለት ግን ፀሐይም ወጥታለች፣ ዝናቡም ይዘንባል። ልጆቹ፦ «ጅብ ወለደች! ጅብ ወለደች!» እያሉ ይጨፍራሉ። የጅቧን እንጃ። ብቻ ያ ዝናብ የነካው ዕቃ ሁሉ ነፍስ ዘራ!

የይታጠቁ በርጩማ ብድግ አለና እግሬ አውጪኝ አለ። ይታጠቁ ደልደል ያለች ሴት ናት፤ ስንት ዓመት ችሏት! ማሰሮ ከማሰሮ ተሳሳመ። የአያ ቢረሳው ከዘራ ያለ ጌታው ወዲያ ወዲህ ተንጎራደደ። ሰዉ መጀመሪያ ደነገጠ፤ ቀጥሎ ሆዱን ይዞ ሳቀ።

በደብሪቱ ደጅ መጁ አዛጋ። አዎ፣ አዛጋ! ምን ታዩኛላችሁ? ከዚያም፦ «እህህ! ሰባት ዓመት ሙሉ ወገቤን በበር አስጨፈለቅሽው» አላት።

ደብሪቱ አማተበችና፦ «በስመ አብ! መጅ ነህ ወይስ ሌላ ነገር?» አለችው።

መጁም፦ «መጅ ነኝ። አሁን ወደ ወፍጮዬ እሄዳለሁ። ዝናቡ ሲያባራ መልሼ ድንጋይ ነው የምሆነው፤ አታቆይኝ» አለና ግልብጥ ግልብጥ እያለ ቁልቁለቱን ወረደ። ሙቀጫው ዘለል ዘለል እያለ ተከተለው። ክዳኑ ተንከባለለና ሁለቱንም ቀደማቸው። ደብሪቱም፦ «ኧረ ያዙልኝ! ኧረ የሰው ያለህ!» እያለች ከኋላቸው ሮጠች። መንደርተኛውም እየሳቀ ተከተላት።

ከማዶም የአትጠገብ ወፍጮ እንደ ኤሊ እየተሳበ ወደ ወንዙ ይወርዳል። ሞሰቡ አብሮት ይወርዳል። ዘነዘናው ባንድ እግሩ ይዘላል። አትጠገብም ነጠላዋን አሸርጣ እየሮጠች ትመጣለች።

ሁለቱ እህትማማቾች በወንዙ ዳርና ዳር ቆሙ። ሰባት ዓመት ዓይን ለዓይን አልተያዩም ነበር። አትጠገብ ከስታለች። ጠጉሯ ላይ ሽበት ጣል ጣል ብሎበታል። ደብሪቱም በሆዷ፦ «ውይ፣ ያቺ ያዘልኳት ልጅ ሸበተች?» አለች።

ወንዙ ሞልቷል፤ እስከ ጭን ይደርሳል። ክዳኑ ተንሳፍፎ ተሻገረና ሞሰቡ ላይ ልክክ አለ። ሙቀጫውም እንጨት አይደል፣ እየተንገዳገደ ተሻገረና ዘነዘናው ዘሎ ገባበት። መጁ ግን ውሃው ዳር ሲደርስ ቀጥ አለ።

ደብሪቱም፦ «ምነው ቆምክ?» አለችው።

መጁም፦ «ዋና አላውቅም» አላት።

ደብሪቱም፦ «ታዲያ እኔ ምን ላድርግህ?» አለችው።

መጁም፦ «ተሸከሚኛ!» አላት።

ደብሪቱ ሰማዩን አየች። ደመናው እየሳሳ ነው። ማዶ ወፍጮው እየተንቀጠቀጠ ይጠብቃል። አንጀቷን በላት። መጁን ብድግ አደረገችው። በእጇ ቢከብዳት ትከሻዋ ላይ ጣል አደረገችውና ቀሚሷን ሰብስባ ወንዙ ውስጥ ገባች።

መካከል ላይ ስትደርስ ያ ሁሉ ሳቅና ጫጫታ ጸጥ አለ። ቀና ብትል ሰው ሁሉ አፉን ይዞ ያያታል። አያ ቢረሳው ባርኔጣቸውን አውልቀዋል። ያን ጊዜ ገባት። ትከሻዋ ላይ ያለው ምንድን ነው? ድንጋይ። የምትሄደውስ ወደ ማን ነው? ወደ አትጠገብ! ፊቷ በርበሬ መሰለ።

ደብሪቱም፦ «አንተ ተንኮለኛ! አውቀህ ነው!» አለችው።

መጁም፦ «እኔ ድንጋይ ነኝ፣ ምን አውቃለሁ? ካሳፈርኩሽ ጣይኝ። ውሃው ይኸው» አላት።

ልትጥለው ጨበጥ አደረገችው። መዳፏ ግን ጎድጎድ ያለ ቦታ ላይ አረፈ። የእናታቸው እጅ ስንት ዘመን ሲገፋው ያጎደጎደው ነው። እናታቸው ሲደክማቸው ሁለቱ ልጆች ይተኩ ነበር። ደብሪቱ በግራ፣ አትጠገብ በቀኝ ሆነው መጁን ይገፉታል፤ ዱቄት አፍንጫ ለአፍንጫ ይቀባባሉ፣ ይሳሳቃሉ። ደብሪቱ ይህ ትዝ ሲላት እንባዋ ዱብ ዱብ አለ። «የራሱ ጉዳይ! አገር ይየኝ!» አለችና መንገዷን ቀጠለች።

ማዶ ዳር ስትደርስ ገና ከውሃው ሳትወጣ ድንጋዩን እንደ ተሸከመች ጎንበስ አለች። ከዚያም፦ «እህት ዓለም፣ በድዬሻለሁ። ከእናቴ ቤት የቀረሽልኝ አንቺ ነሽ፤ ወፍጮ አይደለም። አትሂጂብኝ። እዚህ ዘመድ አለሽ» አለቻት።

አትጠገብ መች ንግግሩ እስኪያልቅ ጠበቀች! ዘላ ውሃው ውስጥ ገባችና፦ «እትዬ! አውርጂው! አውርጂው፣ ትከሻሽ! እኔ ነኝ የበደልኩሽ!» አለች። ደብሪቱ በግራ፣ አትጠገብ በቀኝ ያዙና መጁን ወፍጮው ላይ አስቀመጡት። መጁም፦ «እፎይ!» አለ። ወዲያው ዝናቡ ቆመ። መጁ ከዚያ ወዲህ ቃል አልተነፈሰም።

ሴቱ እልል አለ። እህትማማቾቹ ተቃቅፈው አለቀሱ፣ ደግሞ ሳቁ። አለልኝም ሚስቱን አየና የሸከፈውን ጓዝ ሊፈታ ሄደ። የይታጠቁ በርጩማ ግን ሦስት ቀን ተፈልጎ ዛፍ ላይ ተገኘ።

አለቀ እንዳትሉኝ። ወፍጮውን ለጊዜው ወደሚቀርበው ወደ አትጠገብ ቤት ቢያስገቡት በማግስቱ ሌላ ጭቅጭቅ ተነሣ።

አትጠገብ፦ «እትዬ፣ ወፍጮው አንቺ ዘንድ ይሁን» አለች።

ደብሪቱ፦ «ምን ሲደረግ! አንቺ ዘንድ ይሁን» አለች።

«አልወስድም!» «ትወስጃለሽ!» ሆነና አያ ቢረሳውን አስጠሩ። አያ ቢረሳውም ነገሩን ገና ከደጅ ሲሰሙ ከዘራቸውን ወደ ላይ አነሡና፦ «በሕግ አምላክ! እኔ ሁለተኛ እናንተን አላካፍልም! ወፍጮው ካለበት ንቅንቅ እንዳይል!» ብለው ተመለሱ።

ወፍጮውም አትጠገብ ቤት ቀረ። ደብሪቱ እህሏን ይዛ ትሻገራለች፤ አንዷ በግራ፣ አንዷ በቀኝ ሆነው እየፈጩ የሰባት ዓመቱን ወሬ ያወራሉ።

የደብሪቱ በርስ? መደገፊያው ሄደበትና አልዘጋ አለ። ይታጠቁም፦ «ሌላ ድንጋይ አምጪና ደግፊው እንጂ፣ ድንጋይ ጠፋ?» ትላታለች። ደብሪቱ ግን፦ «ተዪው፣ አትጠገብ ትመጣለች» ትላለች። በሩም ክፍቱን ይውላል።

በሉ ልጆቼ፣ የደብሪቱ በር ክፍቱን ይዋል፤ የኔን አፍ ግን በትኩስ ዳቦ ዝጉልኝ።