ማንም የማይለካው መንገድ

ተረት ተረት! የላም በረት በሉኝና ልጀምር። እንስሳቱ ተባብረው ተዋጉና የአገሩን ጌታ፣ አንበሳን፣ አባረሩት። መሬቱንም በገመድ ለክተው፣ ዕጣ ጥለው እኩል ተካፈሉ።

ለበሬ የደረሰው ጭንጫ ነበር። በሬ ታታሪ ነውና ድንጋዩን ለቀመ፣ እበቱን እየጣለም አፈሩን አጠቆረው። ማሳው ገና ፍሬ መስጠት ሲጀምር ዳኛዋ ጦጣ ገመዷን ይዛ መጣች።

«አዲስ የተወለዱ አሉ፤ መሬቱ እንደገና ይለካል» አለች።

በዕጣው የበሬ ማሳ ለፍየል ደረሰ፤ ለእሱ ሌላ ጭንጫ ተሰጠው።

«ያለማሁት እኮ እኔ ነኝ» አለ በሬ።

«መሬቱ የሁላችንም ነው» አለችው ጦጣ።

ፍየል ይህን ሰምታ ነበርና «ነገ ለሌላ ለሚሰጥ መሬት» ብላ በዚያ ጥቁር አፈር ላይ አንዲት በጠጥ እንኳ አልጣለችበትም።

አንድ ቀን አህያ በሬን መንገድ ዳር እበቱን ሲጥል አገኘው።

«ወንድሜ፣ ማሳህ እየተራበ ምነው እዚህ?»

«መንገዱን ማንም አይለካውም» አለ በሬ።

ዛሬ በዚያ አገር ሣር የሚበቅለው መንገድ ዳር ብቻ ነው፤ እሱንም አገር ጥሎ የሚሄደው ሁሉ ይረግጠዋል።

ተረቴን መልሱልኝ። አፌን በዳቦ አብሱ ግን አልላችሁም፤ ከየት ታመጡታላችሁ።