ማገዶ የሚባለው እራት

ዝጊት በምትባለው አምባ፣ ሐምሌ ገብቶ ብርዱ አጥንት ሲሰብር፣ «ዛሬ እራት ምንድን ነው?» ብሎ የሚጠይቅ እንግዳ የሚያገኘው መልስ «ማገዶ» የሚል ነው። እንግዳው ይስቃል፤ ወይም የተቀለደበት መስሎት ይቀየማል። የሚቀርብለት ግን ቅቤም በርበሬም ያልነካው፣ እንፋሎቱ ፊት የሚጋረፍ የገብስ ገንፎ ነው። ሌላ አገር ገንፎ የአራስ ቤት ምግብ ነው፤ በዝጊት ግን ክረምቱ እስኪያልፍ ድረስ ሽማግሌውም ጎረምሳውም በየምሽቱ የሚበላው እሱኑ ነው። ይህ ስም እንዴት እንደወጣለት አረጋውያኑ ሲናገሩ እንዲህ ይላሉ።

በአምባው ጫፍ፣ ከገደሉ አፍ ላይ፣ አዛናው የሚባል ገበሬ ከሚስቱ ከትርንጎ ጋር ይኖር ነበር። ወደ አምባው የሚያስወጣው መንገድ አንድ ብቻ ሲሆን እሱም በደጃቸው ያልፋል። የትርንጎ ወንድም ጓንጉል በግጦሽ ሣር በተነሣ ጠብ የአዛናውን ታናሽ ወንድም ሞላን በዱላ መትቶ ገድሎት ነበርና፣ ሸሽቶ ቆላ ከወረደ ሦስት ዓመት ሆኖታል። አዛናው ሚስቱን አልፈታትም፤ ደሙንም አልተወም። ትርንጎም ከዚያ ቀን ወዲህ የወንድሟን ስም በዚያ ቤት ጠርታ አታውቅም ይባላል።

እንደሚነገረው፣ ጓንጉል አምባው ላይ የምትኖረው እናቱ መታመሟን ሰምቶ በሐምሌ ጉም ተሸፍኖ ሊያልፍ ሲሞክር፣ ከዚያ በፊት ታይቶ የማይታወቅ በረዶ ገደሉ አፋፍ ላይ ያዘው። ወደፊትም ወደኋላም መሄድ ሲያቅተው፣ ጣቶቹ ደንዝዘው ማንኳኳት ስላልቻሉ፣ የእህቱን በር በትከሻው ገፍቶ ገባ። አዛናው ከእሳቱ ዳር ተቀምጦ ነበር። በአገሩ ወግ ከጣራ ሥር የገባ ሰው፣ ደመኛም ቢሆን፣ አይነካም፤ ደፉን ተሻግሮ የወጣ ጊዜ ግን ደሙ ይከተለዋል። ስለዚህ አዛናው ተነሣና ጦሩን ከበሩ መቃን ላይ አስደግፎ ተመልሶ ተቀመጠ።

በረዶው አላባራም። ደጃፉ እስከ ጉልበት ሞላ፣ መንገዱ ጠፋ፣ ሦስቱ ሰዎች ከሁለት በሬዎች ጋር በአንድ ክፍል ተዘጉ። አዛናው እንግዳውን አያናግረውም፤ «ለዚያ ሰውዬ እግሩን ሰብሰብ ያድርግ በዪው» ይላል። ጓንጉልም አንድ ክንድ በማይሞላ ርቀት ተቀምጦ «ለባለቤቱ እሺ ብሏል በዪው» ይላል። ሁለቱም የተባለውን ሰምተውት ሳለ፣ ትርንጎ የአንዱን ለአንዱ ትደግማለች።

ያስቸገረው እራቱ ነበር። የአንድ ድስት ጨው የተቃመሱ ሰዎች ታርቀዋል ማለት ነው፤ ከዚያ ወዲያ ጦር መማዘዝ ነውር ነው። ሁለት ጊዜ ለማብሰል ደግሞ ኩበቱ አይበቃም። የመጀመሪያውን ማታ ሁለቱም ሳይበሉ አደሩ። በሁለተኛው ማታ ጓንጉል መንቀጥቀጡን እንኳ ተወ። ትርንጎ ይህን ስታይ ከቀረው የገብስ ዱቄት ጥቂት ገንፎ አገነፋችና በመሐላቸው አስቀመጠችው።

«ጨው የለበትም» አለች። «ጨው የሌለበት ነገር ማዕድ አይባልም። ገላ የሚያሞቅ ማገዶ በሉትና ብሉት።»

አዛናው ገንፎውን አየው፤ ሚስቱንም አያት። «ማገዶ ከሆነስ» ብሎ መጀመሪያ እጁን የዘረጋው እሱ ነው ይላሉ።

እንዲህ እየበሉ ሰነበቱ። ጓንጉል ድሮም ቀልደኛ ነበርና በአራተኛው ማታ፣ «እህቴ፣ ለባለቤቱ ንገሪው፤ ይህን እየበሉ ከመክረም በጦር መሞት ሳይሻል አይቀርም» አለ። አዛናው አልሳቀም፤ ነገር ግን ጋቢውን እስከ አፍንጫው ድረስ ሳበው። ትርንጎ ግን የጣራውን ድምፅ እያዳመጠች እንቅልፍ አጥታ ነበር። በረዶው ካባራ ወንድሟ ወጥቶ ይሞታል፤ ካላባራ ዱቄቱ አልቆ ሦስቱም ይሞታሉ። አምላኳን የቱን እንደምትለምነው ጠፋት።

በስድስተኛው ቀን ወደ ማታ ሰማዩ ተገለጠ። ከክዳኑ ውኃ ይንጠባጠብ ጀመር፤ በበሩ ስንጥቅ መንገዱ ታየ። ትርንጎ የመጨረሻውን ዱቄት አገነፋች። ጓንጉል መታጠቂያውን አጥብቆ ቀረበ። ሦስቱም ሲበሉ አዛናው ከመሐል እጁን ሰበሰበ።

«ጓንጉል» አለ። «ገንፎው አልጣመኝም። ጨው አቀብለኝ።»

ትርንጎ እንደ ልማዷ ቃሉን ልትደግም አፏን ከፈተችና መልሳ ዘጋችው። ጓንጉል ከራሱ በላይ የተንጠለጠለውን የጨው ከረጢት ሲያወርድ ማሰሪያው ተፈትቶ ግማሹ አመዱ ላይ ፈሰሰ። አዛናው ከነአመዱ አፍሶ ገንፎው ላይ ነሰነሰው። በማግስቱ ጓንጉል ደፉን ተሻግሮ ወደ እናቱ ሲሄድ የተከተለው ሰው አልነበረም። አዛናው ለሞላ ነፍስ ሲል ይቅር አለ የሚሉ አሉ፤ ያለ ጨው ሌላ አንድ ጉርሻ እንኳ መዋጥ ስላቃተው ነው የሚሉም አሉ። አረጋውያኑ ሁለቱንም ይናገራሉ፤ የትኛው እውነት እንደሆነ አይጣሉበትም።

ዛሬም በዝጊት ማገዶ ሲሠራ ጨው አይገባበትም። ጨው ለብቻው በትንሽ ሳህን ይቀርባል፤ ለራሱ አንሥቶ የሚጨምር ግን የለም። ጨው የፈለገ ሰው፣ ከገበታው ዙሪያ የተቀየመው ካለ፣ እሱኑ በስሙ ጠርቶ «ጨው አቀብለኝ» ማለት አለበት፤ ሌላ ሰው ቢያቀብለው አይቀበልም። ለሚሰማው ቀላል ይመስላል። ቢሆንም ባልና ሚስት፣ አባትና ልጅ ጉልበት ለጉልበት ተነካክተው በአንድ እሳት ዙሪያ እየተቀመጡ፣ የጨው ሳህኑ ሳይጎድል መስከረም የሚጠባባቸው ቤቶች አሉ ይባላል።