በሬ ጎዳ

አንድ ጊዜ፣ ዝናብ እምቢ ባለበት ዓመት፣ ወንዙ ሁሉ ደርቆ የዱር እንስሳት በአንዲት ምንጭ ዙሪያ ተሰበሰቡ። አያ አንበሶም፣ «በዚህች ምንጭ ዳር ማንም ማንንም አይነካም፤ የነካ ለጅብ ይሰጣል!» ብሎ አዋጅ አስነገረ። አዋጁን ከሁሉ አብልጦ የወደደው ማን እንደሆነ መቼም ሳልነግራችሁ ታውቁታላችሁ።

ይሁን እንጂ ግፊያው አስቸገረ። ዝሆን ሲመጣ ሚዳቋ ትደፈጠጣለች፤ ጎሽ ሲመጣ ሁሉም ይበረግጋል። ስለዚህ እንኮዬ ጦጢት ተራ እንድትጽፍ ታዘዘች። እሷም ከሰደድ እሳት የተረፈ ከሰል አንስታ ከምንጩ አጠገብ ባለው ነጭ ድንጋይ ላይ መጻፍ ጀመረች። ድንጋዩ ጠባብ ስለነበር ለእያንዳንዱ ሁለት ሁለት ቃል ብቻ ደረሰው፤ አንዱ ስሙ፣ አንዱ መታወቂያው። ጽሑፉም እንዲህ ይል ነበር፦

ዝሆን ይቀድማል። ጎሽ ይዋጋል። ሚዳቋ ትዘላለች። ጅብ ይበላል። በሬ ጎዳ።

መጨረሻ ላይ የተጻፈው በሬ ከመንደር የጠፋ፣ ቀንድ ሳያበቅል ያደገ፣ ጠባየ ለስላሳ በሬ ነበር። ከብት አርቢዎች እንዲህ ያለውን ከብት «ጎዳ» ይሉታል፤ ቀንድ የለሽ ማለታቸው ነው። ከተማ ያደገ ሰው ቃሉን ላያውቀው ይችላል፤ አይፈረድበትም። ጅብም አላወቀውም። በእሱ ግን ይፈረድበታል፤ አውቃለሁ ብሏልና።

ነገሩ እንዲህ ነው። ጦጢት ጽፋ ስትጨርስ ፍሬ ፍለጋ ወደ ሩቅ ጫካ ሄደች። «ታዲያ ድንጋዩን ማን ያነብልናል?» ሲባል ጅብ ደረቱን ነፍቶ ብድግ አለ። የቆሎ ተማሪዎች ጎጆ አጥር ሥር ብዙ ጊዜ አድፍጧል። ያደፈጠው ለመምሬ አህያ ቢሆንም ፊደሉም በዚያው ገብቶለታል። ጅብ በማያውቁት አገር ሄዶ ቁርበት አንጥፉልኝ አለ ይባል የለ? እሱም አንባቢ ተብሎ ድንጋዩ አጠገብ ተንፈላሰሰ። ከመምሬ ንባብ የያዘው ጮክ ያለውን ብቻ ነበርና፣ ቃሉን ሁሉ ረግጦ፣ አጥብቆ፣ ምራቁን እየረጨ ያነብ ነበር።

አንድ ጧት የአያ አንበሶ እናት፣ አሮጊቷ አንበሲት፣ ከምንጩ ዳር ወድቀው ተገኙ። የፊት እግራቸው አብጦ ደምና ጭቃ ለብሷል። አንስተው ዋሻ ውስጥ አስተኟቸው። እሳቸውም ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዙረው ከማቃሰት በቀር አንድ ቃል አልተነፈሱም።

አያ አንበሶ እናቱን በጣም ይወድ ነበር። ከዋሻው ወጥቶ ተራራው እስኪያስተጋባ ድረስ፣ «እናቴን የጎዳ ማነው?» ብሎ አገሳ።

እንስሳቱ ሁሉ ወደ ኋላ ሸሹ። ጅብ ግን ዓይኑን ወደ ድንጋዩ ወረወረና ፈገግ አለ።

«ጌታዬ፣ ስለምን ይጮሃሉ? ተጽፎ የለም እንዴ!»

«ምን ተጽፎ?»

«በሬ ጎዳ!» አለ ጅብ፣ «ዳ»ን ጥርሱ እስኪንቀጫቀጭ ረግጦ። «እኔ አይደለሁም ያልኩት፤ ድንጋዩ ነው። ስሙ ከነጥፋቱ፣ በእንኮዬ ጦጢት እጅ።»

ወዲያው በሬው ተይዞ ዋርካው ሥር ቆመ። ዝሆንና ጎሽ ሽማግሌ ሆነው በግራና በቀኝ ተቀመጡ። ጅብ ከሳሽም፣ አንባቢም፣ ፍርዱን በሆዱ አስፈጻሚም ሆኖ መሀል ገባ።

«ጌታዬ፣» አለ በሬው፣ «ጽሑፉ እኮ ከተጻፈ ሳምንት ሆኖታል። እመይቴ የተጎዱት ዛሬ ነው።»

«ሰማችሁ?» አለ ጅብ። «ሳምንት ሙሉ አስቦበታል ማለት ነው!»

ሸንጎው አጉረመረመ። በሬው ራሱን ዝቅ አድርጎ አሳየ። «በምን እወጋቸዋለሁ? ይኸው ይዩት፤ ራሴ እንደ ድስት ክዳን ለጥ ያለ ነው። ቀንድ የለኝም።»

«ይኸው በአፉ አመነ!» ብሎ ጅብ ዘለለ። «ቀንዱን የት ጣለው? ንጹሕ በሬ ቀንዱን ምን ብሎ ይደብቃል? እስቲ ጎሽ ይናገር፤ አያ ጎሽ፣ ቀንድህን ደብቀህ ታውቃለህ?»

«ኧረ በጭራሽ!» አለ ጎሽ። የቀንዱ ነገር ከተነሣ ሌላ ነገር አይሰማም።

አያ አንበሶ ዓይኑ እንባ አቀረረ። ሌላ ጊዜ ቢሆን አስተውሎ ይፈርድ ነበር፤ የእናት ነገር ግን አስተዋዩንም ያሳውረዋል። «እንግዲህ ምን እላለሁ፤» አለ። «አዋጁ አዋጅ ነው። የመጨረሻ ውሃውን ይጠጣና ለጅብ ይሰጥ።»

በሬው «እሺ፣ ጌታዬ» ብቻ አለ። ሲያርስ፣ ሲጎተት፣ ሲመታ የኖረ ምስኪን ከዚህ በላይ መሟገት ከየት ይልመድ? እኔ እዚያ ብኖር አንጀቴን ይበላኝ ነበር። ጅብ ግን ከወዲሁ ከየትኛው ብልት እንደሚጀምር ያሰላስላል።

ይህን ጊዜ ቀበሮ ከኋላ ጉሮሮውን ጠረገ። ቀበሮ ስለ እውነት ብሎ የሚነሣ አውሬ አይደለም፤ እንዳትሳሳቱ። በሬው ሣር ሲግጥ አይጦች ከጉድጓዳቸው ይበረግጋሉ፤ ቀበሮም ከኋላው እየተከተለ እነሱን ይለቅማል። በሬው ከሞተ ምሳው አብሮ ሞተ። ደግነት ግን ከሆድም ቢነሣ ደግነት ነው፤ በሬው መቼም «ለምን ብለህ ነው?» ብሎ አይጠይቀውም።

«ጌታዬ፣» አለ ቀበሮ እጅ ነሥቶ፣ «ፍርዱ ፍርድ ነው፤ እኔ አልከራከርም። ብቻ ነገር ከሥሩ፣ ውሃ ከጥሩ ይባላልና የድንጋዩ ንባብ በወጉ ይጥራልኝ። አያ ጅቦ፣ ስታነብ ታላላለህ ወይስ ታጠብቃለህ?»

«እኔ?» አለ ጅብ ተቆጥቶ። «ልል ነገር አልወድም! አጠብቃለሁ!»

«ሁሉንም?»

«ሁሉንም!»

«አንድም የሚላላ ቃል የለም?»

«አያ አንበሶ ይሙት! አንድም የለም!»

«ምላሃል እንግዲህ፤ ሸንጎው ሰምቷል። አሁን ከበሬው በላይ ያለችውን መስመር አንብብልን፤ ያንኑ ንባብህን፣ ጠበቅ አድርገህ።»

ጅብ በንባቡ መወደሱ መሰለው። አንገቱን አስግጎ፣ ከንፈሩን ግጥም አድርጎ ገጥሞ፣ «በ»ንም «ላ»ንም ረገጣቸው፦ «ጅብ ይበላል!»

ሸንጎው ጆሮውን ቀሰረ።

አያ አንበሶ ቀስ ብሎ ዞረ። አዋጅ ካስነገረ ጀምሮ ሥጋ ከአፉ አልገባም ነበር። «ይ... በላል?» አለ፣ እሱም አጥብቆ።

«እኔ አይደለሁም ያልኩት፤ ድንጋዩ ነው» አለ ቀበሮ። «ተጽፎ የለም እንዴ!»

«ለካስ!» አለ ጎሽ። «‹ጅብ ከሚበላህ በልተኸው ተቀደስ› ሲሉ ስሰማ ወሬ ይመስለኝ ነበር።»

ጅብ አንዴ ድንጋዩን፣ አንዴ የአንበሳን ጥርስ አየ። የኋላ እግሮቹ ከፊተኞቹ ይበልጥ አጠሩ።

«ይላላ!» ብሎ ጮኸ። «ይላላ ጌታዬ! እሱ እኮ ላልቶ ነው የሚነበበው! በላተኛ ነኝ ማለት ነው እንጂ መብል አይደለሁም!»

«አሁን ልል ቃል የለም ብለህ አልማልክም?» አለ ቀበሮ።

«አለ! ሞልቷል! የአገሩ ቃል ግማሹ ልል ነው!»

«የበሬው ‹ጎዳ›ስ?»

«እሱም ይላላ! ያሻውን ያህል ይላላ! እኔ ምን አገባኝ!»

አያ አንበሶ ሳይስቅ ሊቀር አልቻለም። ቀጥሎ ግን ግንባሩን ቋጠረ። «ላልቶስ ምን ማለት ነው?»

የዱር አውሬ ስለ ከብት ምን ያውቃል? በሬውም በመንደር ሳለ የሰማው «ሂድ»ና «ቁም» ብቻ ነበር። ወዲያው ከዋርካው ላይ ቅጠል ተንኮሻኮሸና እንኮዬ ጦጢት ወረደች። ከጫካ መመለሷ ነበር፤ ሁለቱ ጉንጮቿ በሾላ ፍሬ ተወጥረዋል። ነገሩን ሲነግሯት ፍሬውን ለመዋጥም አልታገሰችም፤ እንዳለ ተፋችው።

«የሰው ያለህ!» አለች ራሷን ይዛ። «‹ጎዳ› ሲጠብቅ አቆሰለ፣ በደለ ነው። ሲላላ ደግሞ ቀንድ የሌለው ማለት ነው። ‹ባለቤቱ በሬውን ጎዳ› ቢሏችሁ ጠብቋል። ‹ከገበያ ጎዳ በሬ ገዛሁ› ቢሏችሁ ላልቷል። እኔ ይህን ምስኪን ከጎሽ እንድትለዩት ብዬ ጻፍኩ እንጂ ሌላ ምን አወቅሁ! ቦታ ቢኖረኝ እኮ ‹ነው› ብዬ እጨምርላት ነበር።»

«ፊደሉስ አይለየውም?» አለ ዝሆን።

«ፊደሉ አንድ ነው፣ አያ ዝሆን። የሚለየው አንባቢው ነው።»

ሁሉም ጅብን አዩት። ጅብም ሰማዩን አየ።

አያ አንበሶ በረጅሙ ተነፈሰ፤ ፊቱ ግን አልተፈታም። «እንግዲያስ እናቴን ማን ጎዳት?» አለ። አጥብቆ ነው ያለው፤ በዚህስ ማንም አልተሳሳተም።

በሬውም ማንም ሳይጠይቀው ተናገረ። «ጌታዬ፣ ቁስሉን ያየው አለ?»

እርስ በርስ ተያዩ። ድንጋዩን ሁሉም አይቷል፤ ቁስሉን ግን ያየ አልነበረም። ተያይዘው ወደ ዋሻው ገቡ። በሬው ጎንበስ ብሎ የአሮጊቷን እግር በዚያ ሻካራ ምላሱ ላሰ። ጭቃው ለቀቀ፤ የደረቀው ደም ለቀቀ።

«የቀንድ ቁስል ሰፊ ነው፤ ከቀንዳሞች ጋር ስለኖርኩ አውቀዋለሁ» አለ። «ይቺ ግን የወስፌ ቀዳዳ ናት። ውስጧም የሆነ ነገር አለ። እንኮዬ፣ ጣትሽን አምጪው።»

ጦጢት በቀጫጭን ጣቶቿ ይዛ ሳብ አደረገችው። ስንዝር የሚያህል፣ ጥቁርና ነጭ የጃርት እሾህ ወጣ።

አሮጊቷ አንድ ጊዜ ጮኹ። ከዚያ እግራቸውን ዘረጉ፣ አጠፉ፣ ዘረጉ። «እሰይ! እፎይ!» አሉ። ሸንጎውም ትንፋሹን ውጦ ቆይቶ ኖሮ አብሯቸው እፎይ አለ፤ ዝሆን ሲተነፍስ የዋሻው አቧራ ተነሣ።

«እማዬ!» አለ አያ አንበሶ። «ጃርት ነው እንዴ? ለምን አልነገርሽኝም?»

አሮጊቷ አፈሩ። «ራበኝ፤ ሳላስቸግርህ ብዬ ከምንጩ ራቅ ብዬ ጃርት ላድን ሄድኩና እያነከስኩ ተመለስኩ። በዚህ ዕድሜ! ለማን ይወራል?» አሉ። ከዚያም ፊታቸውን ከግድግዳው ወደ ልጃቸው አዞሩ። «ደግሞስ፣ ‹እናቴን ማን ጎዳት› ብለህ አገር ምድሩን ጠየቅህ። እኔን የጠየቀኝ ማን አለ?»

አያ አንበሶ ጎፈሩን ዝቅ አድርጎ ወደ በሬው ዞረና፣ «ይቅር በለኝ» አለው፣ ሁሉም እየሰማ።

በሬው «እሺ፣ ጌታዬ» አለ እንደ ልማዱ። ከዋሻው ሲወጣ ግን እመሬት ላይ ዘፍ አለ። ፀሐዩ ጀርባውን አሞቀው። በሕይወት መኖር እንዲህ ይጣፍጥ ኖሯል? ለጥቂት ጊዜ ምንም ሳያደርግ፣ ዝም ብሎ እየተነፈሰ ተኛ።

ጅብ የአንባቢነት ሹመቱን ተገፍፎ ከምንጩ ማዶ እንዲውል ተፈረደበት። ሥጋው ስለሚሸት ብቻ ነው የተረፈው የሚሉም አሉ።

«ተነሣ እንጂ፣» አለ ቀበሮ በሬውን እየጎነተለ፤ «እኩለ ቀን ሆነ፣ ሣር አልጋጥክም እኮ!»

በሬውም ተነሣ። መጀመሪያ ከምንጩ እስኪበቃው ጠጣ፤ ቀጥሎ ሣሩን ይግጥ ጀመር፤ ቀበሮም ከኋላ ከኋላው ተከተለ።

ከዚህ የምንማረው፣ አንድ ቃል ላልቶም ጠብቆም ይነበባልና፣ በተጻፈው ተነሥተን በሰው ላይ ከመፍረዳችን በፊት ቁስሉን ማየትና ቁስለኛውን ራሱን መጠየቅ እንደሚገባን ነው።