ቢተው ለእናቱ ያመጣው ድንጋይ

ስጦታ እየላከ ራሱን የሚያስቀር ሰው ሲያጋጥማቸው የውርጭ አምባ ሰዎች የሚሏት አንዲት አባባል አለች። ስድብ እንዳትመስልባቸው ፈገግ ብለው ነው የሚሏት። አባባሏን የማያውቅ የለም፤ ከማን ቤት እንደወጣች የሚያውቁ ግን ጥቂቶች ናቸው። የወጣችው ከነጋዴው ከቢተው እናት ቤት ነው።

ቢተው የሚነግደው ሙቄ ነበር። ሙቄ ማለት ሰማይ ስባሪ ከሚባለው ገደል ግድግዳ ላይ እንደ እንጉዳይ የሚበቅል ግራጫ ድንጋይ ነው፤ አንዴ ከገደሉ ከወጣ ክረምቱን ሙሉ ያለ እሳት ሲሞቅ ይከርማል። አራስ ወገቧ ላይ ታስረዋለች። ያለ ጊዜው የተወለደ ሕፃን ጎን ያስተኙታል። ንብ አርቢውም ውርጭ ሲጠና ከቀፎው ሥር ይሸጉጠዋል። ገበያ ላይ ገዢው ድንጋዩን ጉንጩ ላይ አስጠግቶ፣ ዓይኑን ጨፍኖ ነው የሚፈትነው። ቢተው ሙቄውን በበግ ጠጉር እየጠቀለለ በበቅሎ ይጭንና ከደጋ ደጋ እያዞረ በጨውና በጥጥ ይለውጠው ነበር።

እንዲህ ያለ ነጋዴ ታዲያ ቤቱ የሚገኘው ከስንት አንዴ ነው። እናቱ ወይዘሮ የውብዳር ብቻቸውን ይኖራሉ። ልጃቸው ግን ንፉግ አልነበረም፤ መንገደኛ ባገኘ ቁጥር ጋቢ ይልካል፣ ማር ይልካል፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ሙቄ ይልካል። ጎረቤታቸው እትዬ ማንጠግቦሽ፣ “እንዲህ ያለ ልጅ ማን አለው?” ሲሏቸው፣ “እውነት ነው፣ ዕድሜ ይስጠው” ይሉና ዓይናቸውን ወደ መንገዱ ይልካሉ።

አንድ ክረምት ወይዘሮ የውብዳር ታመሙ። ቢተው ወሬው በደረሰው ቀን ሸቀጡን ለባልንጀራው ጥሎ፣ በቅሎውን እየኮለኮለ መጣ። እናቱ መደብ ላይ ተኝተዋል፤ ከስተዋል፤ በዙሪያቸው የላከላቸው ሙቄዎች ተኮልኩለዋል።

“በረደኝ፣ ልጄ” አሉት።

ቢተው ድንጋዮቹን አንድ በአንድ እያነሳ ጉንጩ ላይ አስጠጋ። ሁሉም ይሞቃሉ። ግራ ገባው።

“እነዚህ የገበያ ናቸው፣ እማዬ። እኔ ራሴ ገደሉ ድረስ ሄጄ ምርጡን አመጣልሻለሁ።”

“አሁን ገና መግባትህ! እስቲ አረፍ በል።”

“ደርሼ መጣሁ!” አለና ኮርቻዋ ያልወረደላትን በቅሎ አዙሮ ሄደ።

ገደሉ ሥር ሙቄ ለቃሚው አባ ጓንጉል አገኙት። ቢተው ሰላምታውን እንኳ ሳይጨርስ ከሁሉ የገዘፈውን ድንጋይ በጣቱ አሳያቸው።

“እሱን ይስጡኝ፣ አባቴ። አሁኑኑ።”

“ሙቄ ጥድፊያ አይወድም፣ ልጄ። መዳፍህን ታሳርፍበታለህ፤ ሙቀትህን ሲጠጣ ይቆይና ሲጠግብ ራሱ ይለቅልሃል።”

“እናቴ እየሞተችብኝ እኮ ነው!” አለና ቢተው መጥረቢያውን ከኮርቻው ሥር መዞ መታው። ድንጋዩ ተገንጥሎ እጁ ላይ ወደቀ። ወዲያውም እንደ ወንዝ ጠጠር በረደ። ቢተው ጉንጩ ላይ ቢያስጠጋው፣ ቢያገላብጠው፣ ምንም የለም። ዕድሜውን ሙሉ ሙቄ ሲጭንና ሲያራግፍ የኖረ ሰው፣ የሞተ ድንጋይ ታቅፎ ቀረ።

አባ ጓንጉል አልተቆጡትም። ከሌላ ሙቄ ላይ ውርጩን በጋቢያቸው ጫፍ ጠረጉለትና፣ “ና፣ እዚህ ጋ ቁም። እኔም አብሬህ እቆያለሁ” አሉት።

ቢተው መዳፉን አሳረፈ። መጀመሪያ ብርዱ እስከ ክርኑ ዘለቀ። እየቆየ ሲሄድ ግን ሳያስበው የልጅነቱ ነገር መጣበት። ወንዝ ወርዶ ጣቶቹ ደንዝዘው ሲመለስ እናቱ ሁለቱንም እጆቹን በብብታቸው ውስጥ ይከቱለት ነበር። ብርዱ እሳቸውን ሲያንዘፈዝፋቸው፣ “እሰይ፣ እሰይ የኔ ጌታ!” እያሉ ይስቁ ነበር። እንዲህ ቆሞ፣ የትም ሳይቸኩል፣ ከእናቱ ጎን የዋለበትን ቀን ሊያስታውስ ሞከረ። አጣው። እንባው ሲወርድ አባ ጓንጉል ፊታቸውን ወደ ገደሉ አዞሩለት። ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ድንጋዩ እንደ ጫጩት ሞቆ መዳፉ ውስጥ ገባ።

በማግስቱ ሲመለስ ወንዙ ሞልቶ ጠበቀው። በቅሎዋን ከወዲያ ማዶ አስሮ፣ ድንጋዩን ደረቱ ውስጥ ሸጉጦ፣ እየተላተመ ተሻገረ። ልብሱ ውኃ እያንጠባጠበ ቤት ሲገባ እናቱ በሕይወት አሉ። እትዬ ማንጠግቦሽ ከራስጌያቸው ተቀምጠው ያስታምሟቸዋል።

“አመጣሁልሽ፣ እማዬ! እንዲህ ያለ ሙቄ ገበያ አይቶ አያውቅም!” ብሎ መዳፋቸው ላይ አኖረላቸው።

ወይዘሮ የውብዳር ድንጋዩን ዳበስ ዳበስ አደረጉትና ወደ ግድግዳው አሽሽተው አስቀመጡት።

“ደግ ድንጋይ ነው። እስቲ እጅህን አምጣ።”

“እጄማ በረዶ ነው፤ ይበርድሻል።”

“አምጣው እኮ ነው የምልህ።”

ሰጣቸው። በሁለት እጃቸው ያዙት፤ እፍ፣ እፍ አሉበት። ወዲያው ፊታቸው ፈካ፣ ትንፋሻቸው ረጋ፣ እጁን እንደያዙ እንቅልፍ ወሰዳቸው። ቢተው እርጥብ ልብሱን ሊቀይር ብድግ ሊል ሲል በእንቅልፍ ልባቸው ጠበቅ አደረጉት። እሱም ቁጭ አለ። ያን ክረምት ንግዱን ትቶ ከእናቱ ጎን ከረመ።

ለመስቀል ወይዘሮ የውብዳር ተነስተው በእግራቸው ደመራ ወጡ። አገሩ ጉድ አለ። በሽተኛ ያለበት ሁሉ ደጃቸውን ሞላው፤ “ያ ያዳናቸው ድንጋይ የቱ ነው? ያውሱን!” እያለ። ሁሉንም በዓይናቸው ያዩት እትዬ ማንጠግቦሽ ከደጃፉ ቆመው፣ ሳቃቸው ከእንባቸው እየተቀላቀለ እንዲህ አሏቸው፦ “የምን ድንጋይ አመጣችሁ እናንተ፤ ለእናቱ እጁን ነፍጎ፣ ድንጋይ አመጣ ፈልጎ!”