ዋሻ ውስጥ የተገኘችው ወለተ ሐና

አንድ ጥብቅ የኮሌጅ ዲን ነበር። ተማሪው ጌም ላይ ተጥዶ ዋለ ብሎ የግቢውን ዋይፋይ ጌም እንዳያስከፍት አዘጋው። የቤቱንም እንዲሁ አደረገ። «እኔ የዘጋሁትን ማን ይከፍታል!» እያለ ደረቱን ነፋ።

አንድ ቅዳሜ ከሰዓት ጥበቃው ደግአረገ የሚባል ተማሪ ከነላፕቶፑ ይዞ ቢሮው አመጣለት። ልጁ የተዘጋውን በቪፒኤን አልፎ ሲጫወት ነው የተያዘው። ዲኑ ሊያባርረው ቆርጧል።

«ከትምህርትህ የበለጠብህ ምንድን ነው? ክፈተው እስቲ ልየው!» አለ።

ደግአረገ ከፈተው። ወይ ጨለማ! የጌሙ ዋሻ ማለቂያ የለው፣ አጥንትና ደም ብቻ። ዲኑ አማተበ።

«በስመ አብ! ሰው በገዛ እጁ ሲኦል ይገባል?»

«ብቻዬን አይደለሁም ጋሼ። ከየቤቱ አብሮኝ የሚጫወት ሰው አለ። ፋኖሱ ለጠፋበት ካልደረስንለት አውሬ ይበላዋል።»

ወዲያው ፋኖሷ የጠፋባት አንዲት ሴት በዋሻው ጥግ ታየች። ከራሷ በላይ «ወለተ ሐና» ተብሎ ተጽፏል። ዲኑ ክው አለ። የገዛ ሴት ልጁ የክርስትና ስም ነው። ስሙ እኮ የብዙ ሰው ነው ብሎ ራሱን ሊያጽናና ሲል ከልጅቷ መልእክት መጣ።

«ደጉ ድረስልኝ! አባቴ ኮሌጁንም ቤቱንም ዘጋሁ እያለ ሲፎክር፣ ይኸው ባሳየኸኝ መንገድ ገባሁ።»

ዲኑ ላብ አጠመቀው። «ለምን እዚያ እንደምትገባ ጠይቃት» አለ።

ደግአረገ ጻፈላት። እሷም መለሰች።

«እናቴ ካረፈች ወዲህ ቤታችን ውስጥ ወሬ የለም። አባዬ ‹አጥኚ› ብቻ ነው የሚለኝ። እዚህ ስወድቅ ሰው ይመጣልኛል።»

ዲኑ ወንበሩ ላይ ዘፍ አለ። በዋሻው ውስጥ አውሬው እየቀረባት ነው።

«ጋሼ፣ ልድረስላት ወይስ ልዝጋው?»

«ድረስላት ልጄ! እኔ እስክደርስ ድረስላት!» አለና ኮቱን እንኳ ሳያነሳ ወደ ቤቱ ሮጠ።

ወገኖቼ፣ ጌም ዕድሜ እንደሚበላ አልክድም፤ መቆጣጠርም ደግ ነው። ግን መዝጋት ብቻውን ልጅን አይመልስም። ከዚያ ጨለማ ስትወጣ ቤት ውስጥ የሚያናግራት ሰው ማግኘት አለባት። እግዚአብሔር ልቦና ይስጠን።

እስቲ እኛስ፣ ዛሬ ለልጃችን ከ«አጥኚ» ሌላ ምን አልናት?