የጃርት ቦታና የዝንጀሮ ቀላድ

ድሮ ድሮ፣ አውሬው ሁሉ ጎጆ ቀልሶ አጥር ለአጥር ተጎራብቶ በሚኖርበት ዘመን፣ ስሟ በተረሳ ከተማ አንዲት ባሏ የሞተባት ጃርት ነበረች አሉ። ባሏ ከምንጩ በላይ አንድ ቁራሽ ቦታ ትቶላታል። ቤት ስላልተሠራበት ግን ከአራት ልጆቿ ጋር የምትኖረው ወንዝ ዳር፣ ክረምት በመጣ ቁጥር ጎርፍ በሚገባበት ጉድጓድ ነበር።

ከተማዋ ደንብ ነበራት። ቤት የሚሠራ ሁሉ አስቀድሞ ቦታውን በገመድ፣ በቀላድ አስለክቶ ፈቃድ ይቀበላል። መንገድ ካልዘጋ፣ ምንጭ ካላደፈረሰ አይከለከልም። ሐምሌ እስኪጠባ ቤት ያልቆመበት ቦታ ግን ለከተማው ይመለሳል። ቀላዱን የሚጥለው፣ ፈቃዱንም የሚሰጠው አያ ዝንጀሮ ነው።

ግንቦት ሲገባ ጃርት ደጁ ሄደች።

«አያ ዝንጀሮ፣ ቦታዬን ይለኩልኝ፤ ጎጆ ልቀልስ።»

«ዛሬ አይመችም እመት ጃርት። ቸኩሎ የሠራ ቸኩሎ ያፈርሳል። ሌላ ቀን ነይ።»

«እሺ ጌታዬ» ብላ ተመለሰች።

ግንቦት ሲያልቅ ደግማ ሄደች።

«ቀላዱ ተበጥሷል እመት ጃርት። ቸኩሎ የሠራ ቸኩሎ ያፈርሳል። ሌላ ቀን ነይ።»

«እሺ ጌታዬ።»

ሰኔ ገፋ። ሰማዩ ጠቆረ፤ የጉድጓዷ ግድግዳ ውሃ ያልበው ጀመር፤ ትንሿ ልጇ ሳል ያዛት። ጃርት ለሦስተኛ ጊዜ ብትሄድ ዝንጀሮ የለም። ደጁ ላይ የምትውለው ኤሊ «ወደ ምንጩ ወጥተዋል» አለቻት። ተከትላ ወጣች።

ዝንጀሮ ከአማቹ ጋር በእሷው ቦታ ላይ ወዲያና ወዲህ ይላል።

«በርህ ወደ ምንጩ ይዙር» ይለዋል። «ሐምሌ ሊጠባ አምስት ቀን ነው የቀረው። ቦታው ለከተማው ሲመለስ ላንተ እለካልሃለሁ።»

ከቁጥቋጦው ኋላ የጃርት እሾህ አንድ በአንድ ቆመ። «ብሠራ ፈቃድ የለሽም ብሎ ያፈርስብኛል፤ ባልሠራ ቦታዬን ይወስድብኛል። ወዴት ልግባ?» እያለች ስትብሰለሰል ዋለች። በመጨረሻ ልጆቿን ሰበሰበች። እንጨት ቆረጡ፣ ጭቃ ረገጡ፣ ሣር አጨዱ። በሦስተኛው ቀን ጎጆዋ ቆመ።

ዝንጀሮ ጎረምሶቹን መጥረቢያ አስይዞ እየሮጠ መጣ። «አፍርሱት!»

ጃርት በሩ ላይ ቆመች። «ያለ ዳኛ ቃል ቤት አይፈርስም። ይክሰሱኝ!»

«እሱማ ቀላል ነው! ዛሬውኑ!» አለና እየገፈተረ ዳኛው ጎሽ ዘንድ አቀረባት። ከተማው ግልብጥ ብሎ ወጣ።

«ጌታዬ ዳኛ» አለ ዝንጀሮ ደረቱን ነፍቶ፣ «ይህች ጃርት ያለ ፈቃድ ቤት ሠርታለች!»

«በማን ቦታ?» አለ ጎሽ።

«በራሷ፣ ከባሏ በወረሰችው።»

«በእርግጥ ቤት ነው? ወይስ ዳስ?»

«ቤት ነው እንጂ! ምሰሶው ቆሟል፣ ግድግዳው ተመርጓል፣ ክዳኑም አልቋል። በዓይኔ አይቻለሁ!»

«ፈቃድ ጠይቃህ ነበር?»

ዝንጀሮ ሊክድ አፉን ከፈተ። ኤሊ አንገቷን አውጥታ ትኩር ብላ ታየዋለች። «ጠይቃ... ነበር።»

«ታዲያ ምን አጥፍታ ከለከልካት?»

ጎሽ ቀንዱን ነቀነቀና «ተነሡ፣ ይለካ!» አለ። ከተማው እያየ ዝንጀሮ በገዛ እጁ ቀላዱን ጣለ። ምንጩ ንጹሕ ነው። ከአጥሩ እንጨቶች አንዱ ግን መንገዱን በክንድ ያህል ነክቶ ተገኘ።

«ታነሺዋለሽ» አለ ጎሽ።

«አሁኑኑ አነሣለሁ» ብላ ጃርት ነቀለችው። ከዚያ ወደ ዳኛው ዞረች። «ጌታዬ፣ ከነገ ወዲያ ሐምሌ ይጠባል። ሐምሌ ሳይጠባ ቤቴ ለመቆሙ ምስክሬ ከሳሼ ነው።»

ሕዝቡ በአንድ አፍ «እውነት ነው!» አለ። ጎሽ ፈረደ፦ ቦታውም ቤቱም የጃርት ነው፤ ቀላዱ ከዝንጀሮ እጅ ይውጣ።

ዝንጀሮ በኀፍረት ወደ ገደል ሸሸ። እስከ ዛሬም ቤት የለውም፤ ዝናብ ሲመታው ቋጥኝ ሥር ተኮራምቶ ይውላል። የጃርት ልጆች ግን ያን ክረምት በደረቅ መደብ ላይ ተኙ።

እኔ የሰማሁት እስከዚህ ነው። የነገሩኝም አረጋውያን ሲጨርሱ እንዲህ ይሉ ነበር፦ ለሰው የጣሉት ገመድ፣ ጠልፎ ይጥላል በመንገድ።