የአንማው ወለልና የእማማ ትሁን መጋዝ

ነገር በነገር ልቀጥል ነው፤ እናንተ «ከዚያስ?» እያላችሁ ስሙኝ።

እንጅባራ ከተማ ዳር የሺሀረግ የምትባል ሴት ነበረች። ባሏ አንማው የጭነት መኪና ረዳት ነበር። አንድ ቀን ከጭነቱ ላይ ወድቆ ወገቡን ተጎዳ፤ ሆስፒታል ከርሞ ሲወጣ እግሮቹ አልታዘዝ ስላሉት በተሽከርካሪ ወንበር ወደ ቤቱ ገባ። ገባ እንጂ አልሄደበትም። የቤቱ ወለል አፈር ነው፤ ዝናብ በጣለ ቁጥር አፈሩ እየራሰ የወንበሩን ጎማ ይውጠዋል። አንማው ካስቀመጡት ቦታ ሳይነቃነቅ ይውላል። ውሃ ሲጠማው ሚስቱን ይጣራል፤ ፀሐይ ዓይኑን ስትወጋው ይጣራል። እያደር ግን መጣራቱን ተወው። ቢጠማውም ዝም ይላል። የሺሀረግን ያስፈራት ይህ ዝምታ ነው።

የፈለገችው ነገር ትንሽ ናት፦ የባሏ ወንበር የሚሄድበት የሲሚንቶ ወለል።

ሲሚንቶ ገዛች፤ አሸዋና ጠጠር አስራገፈች፤ ዋለልኝ የሚባለውን ግንበኛ ጠራች። ዋለልኝ የግንበኛ ማንኪያውንና ውሃ ልኩን ይዞ መጣ፤ የራሱ የሆነው መሣሪያ ይኸው ነው። ክፍሉን ዞር ዞር ብሎ አየና፣ ብቻውን በአካፋ ቢያቦካው አንዱ ጥግ ሲደርቅ ሌላው ገና ስለሚሆን ወለሉ እንደሚሰነጠቅ ነገራት። አሸዋና ሲሚንቶውን የሚያደባልቅ ሚክሰር ያስፈልጋል አላት። ለአንድ ክፍል ብሎ ሚክሰር የሚገዛ የለም፤ ተከራይታ ሥራው ሲያልቅ ትመልሳለች። ብቻ ሲሚንቶው እርጥበት አግኝቶት ሳይጋገር ቶሎ ብትል ጥሩ ነው።

የሺሀረግ ወደ መሣሪያ አከራዩ ወደ ምንይችል ሄደች። ሚክሰሩ ደጁ ላይ ቆሟል፤ ግን ወደ አንድ ጎኑ አዘንብሏል። በፊት የተከራየው ሰው ድንጋይ ለድንጋይ ሲጎትተው የጎማው ዘንግ ተሰብሯል። ምንይችል ብስጭት ብሎ፣ ሰዉ የኪራይ ዕቃን እንደ ራሱ ዕቃ እንደማይዝ አማረረባት። ከዚያ ዘንጉን በያጁ ደሴ ይበይደውና ውሰጂው አላት።

እንግዲህ ዘንጉ ካልተበየደ ሚክሰሩ አይወጣም፤ ሚክሰሩ ካልወጣ ወለሉ አይሞላም፤ ወለሉ ካልሞላ የአንማው ወንበር አይሄድም።

ከዚያስ? ወደ በያጁ ወደ ደሴ ሄደች። ደሴ ሱቁ በር ላይ እጁን አጣጥፎ ተቀምጧል። የሰፈሩ መብራት ከጠፋ ሰንብቷል። የራሱ ጄኔሬተር አለው፤ ነገር ግን ሥራ ሲቀዘቅዝ ዝም ብሎ ከሚቀመጥ ብሎ ለአቶ ቢተው አከራይቶታል። አሁን ሥራው መጣ፣ ጄኔሬተሩ የለም። «የራሴን ዕቃ እኔው አጣሁት» አላት፤ ሳቅም ንዴትም ነበረበት።

እንግዲህ ጄኔሬተሩ ካልተመለሰ ዘንጉ አይበየድም፤ ዘንጉ ካልተበየደ ሚክሰሩ አይወጣም፤ ሚክሰሩ ካልወጣ ወለሉ አይሞላም፤ ወለሉ ካልሞላ የአንማው ወንበር አይሄድም።

ከዚያስ? አቶ ቢተው ዘንድ ሄደች። አቶ ቢተው ቤት ሊሠራ መሠረት አስቆፍሮ ነበር። ጉድጓዱ ግን ውሃ ሞልቶ ኩሬ መስሏል። በጄኔሬተሩ ኃይል ፓምፑ ውሃውን ይመጥጣል፤ የተመጠጠውን ያህል ደግሞ መልሶ ይገባል። ከበላይ በኩል ያለው ቦይ በወደቀ ባሕር ዛፍ ግንድ ተዘግቷልና የሰፈሩ ጎርፍ ሁሉ ወደ እሱ ጉድጓድ ይዞራል። ሠራተኞቹ በመጥረቢያ ሞክረው እጀታው ተሰበረባቸው። አቶ ቢተው ክፉ ሰው አይደለም፤ ግን ፓምፑን ቢያቆም የመሠረቱ ግድግዳ እንደሚናድ ለየሺሀረግ አሳያት።

እንግዲህ ግንዱ ካልተቆረጠ ቦዩ አይከፈትም፤ ቦዩ ካልተከፈተ ጉድጓዱ አይደርቅም፤ ጉድጓዱ ካልደረቀ ጄኔሬተሩ አይመለስም፤ ጄኔሬተሩ ካልተመለሰ ዘንጉ አይበየድም፤ ዘንጉ ካልተበየደ ሚክሰሩ አይወጣም፤ ሚክሰሩ ካልወጣ ወለሉ አይሞላም፤ ወለሉ ካልሞላ የአንማው ወንበር አይሄድም።

ግንዱን የሚቆርጠው ምንድን ነው? ብላ ጠየቀች። አቶ ቢተው አገጩን ወደ ማዶ ቀሰረ። እዚያ ያሉት አሮጊት፣ እማማ ትሁን፣ ሁለት ሰው የሚስበው ትልቅ መጋዝ አላቸው። ሠራተኛውን ልኮ በስንት እንደሚያከራዩት ቢያስጠይቅ በሩን ዘግተውበታል።

የሺሀረግ ማዶ ተሻገረች። መጋዙ ግድግዳው ላይ ተሰቅሏል፤ ጥርሱ ዘይት ተቀብቶ ያብረቀርቃል። ገና ቀና ብላ ስታየው እማማ ትሁን ቀደሟት። «አይከራይም። አይዋስምም» አሉ።

የሺሀረግ አልተከራከረችም። የበሩ ደፍ ላይ ተቀመጠች። ከዚያ ለራሷ የምታወራ ይመስል ነገሩን ሁሉ አንድ በአንድ ነገረቻቸው። እማማ መጋዙን ካልሰጡ ግንዱ አይቆረጥም፤ ግንዱ ካልተቆረጠ ቦዩ አይከፈትም፤ ቦዩ ካልተከፈተ ጉድጓዱ አይደርቅም፤ ጉድጓዱ ካልደረቀ ጄኔሬተሩ አይመለስም፤ ጄኔሬተሩ ካልተመለሰ ዘንጉ አይበየድም፤ ዘንጉ ካልተበየደ ሚክሰሩ አይወጣም፤ ሚክሰሩ ካልወጣ ወለሉ አይሞላም፤ ወለሉ ካልሞላ የአንማው ወንበር አይሄድም።

እማማ ትሁን እስከ መጨረሻው ሰሟት። ስለ ጄኔሬተሩም ስለ ሚክሰሩም ምንም አላሉም። የጠየቁት አንድ ነገር ብቻ ነው።

«ባልሽ ሲቸግረው ይጣራል?»

«ድሮ ይጣራ ነበር። አሁን ዝም ይላል።»

አሮጊቷ ወደ መጋዙ ዞሩ። «ያ መጋዝ ሁለት እጀታ ነው ያለው» አሉ። «አንዱን ባለቤቴ፣ አንዱን እኔ ነበርን የምንይዘው። ይህን ቤት የሠራንበትን እንጨት ሁለታችን ነን የቆረጥነው። እሱ ከሞተ ወዲህ የመጣው ሁሉ ስጡኝ ይላል፤ አከራዩኝ ይላል። አንዱን ጫፍ ያዙልኝ ያለኝ ሰው የለም።»

የሺሀረግ ከደፉ ተነሣች።

«እንግዲያው እማማ፣ አንዱን ጫፍ ይያዙልኝ።»

እማማ ትሁን ነጠላቸውን አጣጥፈው ወገባቸው ላይ አሰሩ፤ መጋዙን ከግድግዳው አወረዱ። ሁለቱ ሴቶች ወደ ቦዩ ወርደው፣ አንዷ ከግንዱ ወዲህ አንዷ ከግንዱ ወዲያ ቆሙ። የሺሀረግ መጀመሪያ ገፋችውና መጋዙ ተጣሞ ተቀረቀረ። አሮጊቷ አልተቆጡም፤ ተራዋ ሲደርስ እንድትስብ፣ የእሳቸው ተራ ሲሆን ደግሞ ለቀቅ እንድታደርግ፣ መግፋት የሚባል ነገር እንደሌለ ነገሯት። ከዚያ በኋላ መጋዙ በራሱ የሚሄድ መሰለ። እያረፉ ቆረጡ። እማማ ትሁን ሲያርፉ ስለ ባላቸው አወሩላት፤ መጋዝ እየሳበ ማንጎራጎር ይወድ እንደነበር፣ ድምፁ ግን የማይረባ እንደነበር። የአቶ ቢተው ሠራተኞች ሥራቸውን ትተው ማዶ ቆመው ያዩ ነበር፤ በመጨረሻ አፍረው ገመድ ይዘው መጡ።

ግንዱ ተቆረጠ፤ በገመድ ተጎትቶ ወጣ። ግንዱ ሲወጣ ቦዩ ተከፈተ፤ ቦዩ ሲከፈት ጉድጓዱ ደረቀ፤ ጉድጓዱ ሲደርቅ ጄኔሬተሩ ተመለሰ፤ ጄኔሬተሩ ሲመለስ ዘንጉ ተበየደ፤ ዘንጉ ሲበየድ ሚክሰሩ ወጣ፤ ሚክሰሩ ሲወጣ ወለሉ ተሞላ። ዋለልኝ በማንኪያው ለስልሶ እስኪተኛ ድረስ አለሰለሰውና፣ ውሃ እያጠጡ እስኪጠና እንዳይረግጡት አስጠንቅቆ ሄደ። ወለሉ እስኪጠና አንማው ጎረቤት ሰነበተ፤ ቤቱ ምን እንደ መሰለ ግን አንድ ቀን እንኳ አልጠየቀም።

ወደ ቤቱ የገባ ዕለት እማማ ትሁን ሊጠይቁት መጡ። አንማው ወንበሩ ላይ ሆኖ ወለሉን አየ፤ ጎማውን ግን አልነካም። የሺሀረግም ሂድበት ብላ ልትለምነው አልፈለገችም። እማማ ትሁን ስለ አየሩ፣ ስለ ድንቹ ዘር ያወሩ ጀመር። ወሬው መሐል ደጅ ንፋስ ተነሣና ዝናቡ ዷ ብሎ ወረደ፤ የመስኮቱ መዝጊያ ይጋጭ ጀመር፤ ውሃው ወደ ውስጥ ይረጫል።

የሺሀረግ ልትዘጋው ብድግ አለች።

«ቁጭ በይ» አለ አንማው።

እጆቹን ጎማዎቹ ላይ አደረገ። ወንበሩ ሳይንገጫገጭ፣ ሳይሰምጥ፣ ከክፍሉ ዳር እስከ ዳር ሄደ። እጁን ዘርግቶ መስኮቱን ዘጋ፤ መቀርቀሪያውንም አስገባ። ከዚያ ወንበሩን ወደ ሴቶቹ አዞረና፣ የሚጠጣ ነገር ላምጣላችሁ ወይ ብሎ ጠየቃቸው።

እኔ እስከዚህ ቀጠልኩላችሁ፤ የቀረውን እናንተ ቀጥሉት።